አራተኛው ወንበር

«ለመቀመጥ ነው እንዴ ይህን ሁሉ መንገድ የነዳሁት?»

ይህን ያልሁት እኔ ነኝ። ባለፈው የካቲት፣ ፊላደልፊያ ውስጥ፣ በልጄ የስኳሽ ውድድር ላይ፣ ጓደኞቿ በተሰበሰቡበት፣ በአማርኛ። ከልጄ በቀር ቃሉን የተረዳ አልነበረም፤ ድምፄን ግን ሁሉም ተረድተውታል። ሁለት ሦስት ልጆች ዞረው አዩኝ። ልጄ «እማዬ፣ እባክሽ» ብላ ፊቷን ወደ ሜዳው መስታወት መለሰች።

የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም ሲባል እየሰማሁ ነው ያደግሁት። ያን ቀን የሆነውም ይኸው ነው። ሌሊት በፈረቃ ሥራዬ ላይ የታካሚ ትራስ ሳስተካክል፣ ጠዋት መኪና ውስጥ ሞተሩ እስኪሞቅ ስጠብቅ፣ ያቺው ዐረፍተ ነገር ትመጣብኛለች። ልጄ ከዚያ በኋላ አንድም ቀን አላነሳችብኝም። ብታነሳብኝ ይሻለኝ ነበር።

መሰላሉ

ልጄ አሥራ አምስት ዓመቷ ነው። ስኳሽ የሚባለውን የራኬት ጨዋታ የጀመረችው ስድስተኛ ክፍል እያለች ነው። እኔ አዲስ አበባ ሳድግ የዚህን ጨዋታ ስም እንኳ ሰምቼ አላውቅም ነበር። መጀመሪያ ቀን ኳሷን አምጥታ መዳፌ ላይ ስታኖራት የተበላሸች መስሎኝ ነበር። ጥቁር፣ ውስጧ ባዶ የሆነ ጎማ ናት፤ ክብደቷ 24 ግራም ያህል፣ ላይዋ ላይ ሁለት ቢጫ ነጥቦች አሉባት። ወለሉ ላይ ብጥላት እንደ ጭቃ እዚያው ቀረች። «ቀዝቅዛ ነው እማዬ፤ መሞቅ አለባት» አለችኝ። ሁለት ሰዎች ደጋግመው ከግድግዳ ጋር ሲያላትሟት ትሞቃለች፣ ስትሞቅ ትነጥራለች፣ ከነጠረች በኋላ 9.75 ሜትር በ6.4 ሜትር በሆነች ክፍል ውስጥ ሁለት ሰዎችን እስኪያልባቸው ታሯሩጣቸዋለች።

እዚህ አገር ትምህርት ቤት ከትምህርት ቤት ሲጋጠም ከየቡድኑ ሰባት ሰባት ልጆች ይሰለፋሉ። አንደኛዋ ከአንደኛዋ፣ ሁለተኛዋ ከሁለተኛዋ፣ እንዲህ እያለ እስከ ሰባተኛዋ። አራት ያሸነፈ ቡድን ያልፋል። ማን ስንተኛ እንደሆነች የሚወስነው ልጆቹ መሰላል የሚሉት ነገር ነው። ታች ያለችው ልጅ ከበላይዋ ያለችውን ትገጥማለች፤ ካሸነፈች ቦታ ይለዋወጣሉ።

ልጄ ሰባተኛ ነበረች። ስምንተኛዋ የቅርብ ጓደኛዋ ናት፤ ቤታችን እንደ ቤቷ የምትገባ፣ ሽሮ ወጥ የምትወድ ልጅ። ወደ ፊላደልፊያ ልንሄድ ሦስት ቀን ሲቀረን፣ ማክሰኞ ዕለት፣ ሁለቱ ተጋጠሙ። ልጄ በጌም፣ ማለትም በአንዱ ጨዋታ ዙሮች፣ 3 ለ 2 ተሸነፈች። ማታ ራኬቷን ጥግ አስደግፋ «ስምንተኛ ሆኛለሁ» ስትለኝ ድምፅዋ ውስጥ የሰማሁት ድካም ነበር።

እኔ ግን ሌላ ነገር ሰማሁ። ሃያ ዓመት በሰው አገር የኖረ ሰው የሚሰማውን ነገር። ለምን የእኔ ልጅ? ለምን ጉዞው ሦስት ቀን ሲቀረው? ሌላ ልጅ ብትሆን ኖሮ አሰልጣኙ እንዲህ ያደርግ ነበር? በማመልከቻ ቅጽ ላይ፣ በሥራ ቃለ መጠይቅ ላይ፣ በቤት ኪራይ ላይ ደጋግሜ የተማርሁት ጥርጣሬ ነው። አንዳንድ ጊዜ እውነት ሆኖ አግኝቼዋለሁ፤ ስለዚህ ጥርጣሬዬን ከንቱ ነው ብዬ አልጥለውም። በዚህ ጉዳይ ግን ውጤቱን ያመጡት ሁለት ልጆች ናቸው፤ አምስት ጌም ተጫውተው፣ አንዷ አሸንፋ። አሰልጣኙ ያደረገው ነገር ቢኖር በወረቀት ላይ መጻፍ ብቻ ነው። ይህን ማክሰኞም ዓርብም አውቀው ነበር። ማወቄ አፌን አልያዘውም።

በሩ ላይ

ዓርብ ሌሊት ሠርቼ፣ ቅዳሜ ጎሕ ሲቀድ ድፎ ዳቦዬን በፎጣ ጠቅልዬ፣ ሁለት ሰዓት ተኩል ነዳሁ። ውድድሩ የነበረው እ.ኤ.አ. በ2021 በተከፈተው የአሜሪካ ስኳሽ ማዕከል ነው፤ ሃያ ሜዳዎች ያሉት ትልቅ አዳራሽ ነው። (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመቶችም በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) ገብቼ ልጄን የቡድኑን ጃኬት ለብሳ፣ ራኬት ሳትይዝ ሳያት ነው ያችን የተረገመች ዐረፍተ ነገር የተናገርሁት። ዳቦውን መኪና ውስጥ ረስቼው ነበር። ልመለስለትም አልፈለግሁም።

ከስድስት ጨዋታ በኋላ ውጤቱ 3 ለ 3 ሆነ። የቀረችው ሰባተኛዋ ናት፤ የልጄን ቦታ የወሰደችው ጓደኛዋ። ከጨዋታው በፊት ልጄ አንድ ኳስ በጡጫዋ ጨብጣ፣ እጇን በጃኬቷ ብብት ውስጥ ከትታ ቆማ አየኋት። ለጓደኛዋ ኳሷን እያሞቀችላት ነበር። የማሟሟቂያ ጊዜ አለ፤ ይህን ማድረግ አያስፈልግም ነበር። አደረገችው።

ጓደኛዋ ሦስት ጌም ተጫውታ 2 ለ 1 ተመራች። ሦስተኛውን ጌም ስትሸነፍ ሁለት ጊዜ ተከታትላ ኳሷን ከፊተኛው ግድግዳ ግርጌ ካለው ቆርቆሮ ጋር አላተመቻት፤ ያ የቆርቆሮ ድምፅ ስኳሽን የማያውቅ ሰው እንኳ ስሕተት እንደሆነ ይነግረዋል። በጌምና በጌም መካከል አጭር እረፍት አለ። ተጫዋቿ የመስታወቱን በር ከፍታ ትወጣለች፤ ውሃ ትጠጣለች፤ ከቡድኗ የሆነ ሰው ያናግራታል፤ ከዚያ በሩ ይዘጋና እንደገና ብቻዋን ናት። ስኳሽ ውስጥ ቡድን የሚባለው ነገር የሚታየው እዚያ በር ላይ ብቻ ይመስለኛል። ቀሪው ጊዜ የአንድ ሰው ነው።

ልጅቷ በሩን ከፍታ ወጣች። አሰልጣኙ አጠገቧ ነበር። እሷ ግን ዓይኗ የሚፈልገው ልጄን ነበር።

እኔ ከኋላ ቆሜያለሁ። ልጄ ፎጣውን ሰጠቻት፣ ቀረብ ብላ በጆሮዋ አናገረቻት። ጥቂት ቃላት ናቸው። ልጅቷ ራሷን ነቀነቀች። አንዴ ፈገግ አለች፣ ወደ ውስጥ ተመለሰች፣ በሩ ተዘጋ። አራተኛውን ጌም 11 ለ 8 አሸነፈች። አምስተኛውን 12 ለ 10 ተሸነፈች፤ ቡድኑም ከውድድሩ ወጣ።

ወደ ቤት ስንመለስ ባልቲሞርን እስክናልፍ አልተነጋገርንም። ከዚያ «ምን ነበር ያልሻት?» ብዬ ጠየቅኋት።

«ስትደክም ኳሷን ወደ ፊት ማሳጠር ትወዳለች፤ ያኔ ቆርቆሮውን ትመታለች። ወደ ኋላ ማዕዘኑ አርዝሚያት፣ ማክሰኞ እኔን ያሸነፍሽኝ እንደዚያ ነው አልኋት።»

መሪውን ይዤ ዝም አልሁ። ማክሰኞ እኔን ያሸነፍሽኝ እንደዚያ ነው። እኔ ሦስት ቀን ሙሉ በዚያ ማክሰኞ ስቃጠል፣ እሷ ተሸክማው ሄዳ ለሚያስፈልጋት ሰው ሰጠችው። በዚያ አዳራሽ ውስጥ ያችን ልጅ በዚያ ሳምንት በአምስት ጌም የገጠማት ሌላ ሰው አልነበረም። የተሸነፈ ሰው ያሸነፈውን ምን ያህል እንደሚያውቀው አስቤበት አላውቅም ነበር።

ከአንድ ብርቱ ሁለት መድኃኒቱ

ከዚያ ቅዳሜ በኋላ የብሔራዊ ቡድኖችን ጨዋታ ከልጄ ጋር ማየት ጀመርሁ። ይቅርታ የመጠየቂያ መንገድ ሆኖ ጀመረ፤ አሁን ግን በራሴ ፍላጎት አያለሁ።

የሴቶች የዓለም የቡድን ሻምፒዮና በየሁለት ዓመቱ ነው የሚካሄደው። አንዲት አገር አራት ተጫዋቾች ይዛ ትመጣለች፤ በእያንዳንዱ ግጥሚያ የሚሰለፉት ግን ሦስት ናቸው። በጥንካሬ ቅደም ተከተል ይመዘገባሉ፣ አንደኛዋ ከአንደኛዋ ትገጥማለች፣ ሁለት ጨዋታ ያሸነፈ አገር ያልፋል። አንደኛዋ ተጫዋች የቱንም ያህል ብትልቅ የምታመጣው አንድ ነጥብ ነው። የተቃራኒዋ አገር ሁለተኛና ሦስተኛ ካሸነፉ በቃ። አባቶቻችን ከአንድ ብርቱ ሁለት መድኃኒቱ ያሉት ለዚህ ጨዋታ ይመስላል።

የማሌዥያዋን ኒኮል ዴቪድን እንመልከት። ስምንት ጊዜ የዓለም ሻምፒዮን ሆናለች። ከ2006 እስከ 2015 ድረስ ለ108 ወራት ሳታቋርጥ የዓለም አንደኛ ነበረች። ዘጠኝ ዓመት ማለት እኮ ልጄ እንደ ተወለደች ጀምራ ሦስተኛ ክፍል እስክትደርስ ማለት ነው። ሆኖም ይህች ሴት ከአገሯ ጋር የዓለም የቡድን ዋንጫ አላነሳችም። ማሌዥያ ለፍጻሜ የደረሰችው በ2014 ካናዳ ውስጥ ነው፤ እንግሊዝ 2 ለ 0 አሸነፈቻት። በ2018 ጃካርታ በተደረገው የእስያ ጨዋታዎች ላይ ደግሞ በቡድን ግማሽ ፍጻሜ የሕንዷ ጆሽና ቺናፓ ኒኮልን በአምስት ጌም ረታቻት፤ ዲፒካ ፓሊካል ሌላውን ጨዋታ አሸነፈች፤ ሕንድ አለፈች። ኒኮል በዚያው ውድድር በነጠላ ወርቅ ወስዳ ነበር። በነጠላ የማትቻለው ሴት በቡድን ተሸንፋ ስትወጣ ሳይ፣ ያ አንድ ነጥብ ምን ያህል ትንሽ እንደሆነ ገባኝ።

ወደ ግብፅ ስመጣ ነገሩ ይለወጣል። ይህ ውድድር ከተጀመረበት ከ1979 አንሥቶ እስከ 2006 ድረስ ዋንጫው ከብሪታንያና ከአውስትራሊያ እጅ ወጥቶ አያውቅም። በ2008 ግብፃውያን ሴቶች በገዛ ከተማቸው በካይሮ ወሰዱት። ከዚያ 2012፣ 2016፣ 2018፣ 2022፣ 2024። አፍሪካዊት አገር ናት፤ ደስታዬን አልደብቅም። በ2015 ኒኮልን ከአንደኝነት ያወረደቻትም ግብፃዊቷ ራኒም ኤል ወሊሊ ናት።

ልጄ ምስጢሩን በራሷ መንገድ ነገረችኝ። ካይሮና እስክንድርያ ውስጥ ጥቂት ክለቦች አሉ፤ ትንንሾቹ ልጆች ሲለማመዱ የዓለም አንደኛዋ በቀጣዩ ሜዳ ላይ ትለማመዳለች። ታላላቆቹም እርስ በርስ ይገጥማሉ። ከ2017 እስከ 2025 በተደረጉት የሴቶች የዓለም ሻምፒዮና ፍጻሜዎች ሁሉ በሁለቱም ወገን የቆሙት ግብፃውያን ነበሩ። ኑር ኤል ሸርቢኒና ኑራን ጎሃር ብቻ አራት ፍጻሜ በተከታታይ ተጋጥመዋል፤ ሦስቱን ኑር፣ አራተኛውን ኑራን ወሰደች። ብሔራዊ ቡድን ሲጠራቸው ግን አንድ ማልያ ይለብሳሉ።

ይህን ስሰማ ወዲያው ማክሰኞን አሰብሁ። እነዚህ ሴቶች ማክሰኞአቸው የዓለም ዋንጫ ነው። አንዷ ሌላዋን በሺህ ተመልካች ፊት አስለቅሳታለች፤ ከወራት በኋላ በዚያው በር ላይ ፎጣ ይዛ ትቆምላታለች። እንዴት ይቻላል ብዬ ሳስብ፣ ልጄ ከጓዳ መጥታ አጠገቤ ቁጭ ትላለች። መልሱ ከእኔው ቤት ነው።

እንዲህ ባለ ቡድን ውስጥ አራተኛዋ ማን ናት? በሌላ አገር ብትሆን አንደኛ የምትሆን ሴት ልትሆን ትችላለች። ሻንጣዋን አዘጋጅታ፣ ቤተሰቧን ተሰናብታ፣ አውሮፕላን ተሳፍራ ትሄድና በፍጻሜው ቀን ትቀመጣለች። አንዳንዴ ሦስተኛዋም አትጫወትም፤ የመጀመሪያዎቹ ሁለት ካሸነፉ ነገሩ አልቋል። አሁን የተቀዳ ጨዋታ ስናይ ልጄ ኳሷን ትከተላለች፤ እኔ ካሜራው ወደ አግዳሚ ወንበሩ እስኪዞር እጠብቃለሁ።

በ2022 የአሜሪካ ሴቶች ለመጀመሪያ ጊዜ ለፍጻሜ ደርሰው ካይሮ ላይ በግብፅ ተሸንፈዋል። ይህኛውን ግጥሚያ እንደ ስደተኛ እናት ነው ያየሁት። የአሜሪካዋ አማንዳ ሶብሂ አባት ግብፃዊ ነው፤ እሱም በወጣትነቱ ለግብፅ ብሔራዊ ቡድን የተጫወተ ሰው ነው። ታናሽ እህቷ ሳብሪናም ለአሜሪካ ትጫወታለች። አማንዳ አንዴ ሳይሆን ሁለት ጊዜ፣ በሁለቱም እግሯ፣ የተረከዝ ጅማቷ ተበጥሶ ወደ ሜዳ የተመለሰች ሴት ናት። ራኬት ያስያዛቸው አባት ከተወለደበት አገር ጋር የሚጋጠሙ ልጆች። ያ አባት ልቡ ወዴት እንዳዘነበለ አላውቅም፤ እኔን ቢጠይቁኝ ግን መልሴን አውቃለሁ። ልጄ ወደ ቆመችበት በር።

አባቴ አራት ሲቆጥር

ልጅ ሆኜ የዓለም አገር አቋራጭ ሻምፒዮና ሲተላለፍ ጎረቤት ሁሉ እኛ ቤት ይሰበሰብ ነበር፤ ቴሌቪዥን የነበረን እኛ ነንና። እነ ደራርቱ፣ እነ ጌጤ በጭቃው ውስጥ ሲመጡ አባቴ ጣቱን ወደ ስክሪኑ ዘርግቶ ይቆጥራል። «አንድ... ሁለት... ሦስት... አራት!» በቡድን ውጤት የሚደመረው የአራት ሯጮች ደረጃ ነው፤ የሚሮጡት ግን ስድስት ናቸው። አባቴ አራተኛዋን ከቆጠረ በኋላ ተነሥቶ ቡናው ደርሶ እንደሆነ ይጠይቃል። አምስተኛዋና ስድስተኛዋ ገና እየሮጡ ነው፤ እኛ ጀርባችንን ሰጥተናል።

አባቴን ልወቅሰው አልችልም፤ እኔም አብሬው ዞሬያለሁ። ግን ያቺ አምስተኛዋ ልጅ ማን ነበረች? በልምምድ ላይ ስንት ጠዋት ከፊት ሆና ፍጥነቱን ጎትታ ይሆን? አንዷ ከፊቷ ያሉት ብትወድቅ እኮ አራተኛ የምትሆነው እሷ ነበረች። የአንዷንም ስም አላስታውስም። በሠላሳ ዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ ያሳፈረኝ የካቲት ላይ ነው።

ስኳሽ በ2028 ሎስ አንጀለስ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ኦሊምፒክ ይገባል። ቤታችን ውስጥ ትልቅ ወሬ ነው፤ ልጄ ማቀዝቀዣው ላይ ቀኑን ለጥፋለች። የሚካሄደው ግን በነጠላ ብቻ ነው፤ የቡድን ውድድር የለም። ጨዋታው ዓለም ሁሉ በሚያየው መድረክ ላይ ሲወጣ አራተኛው ወንበር አብሮ አይወጣም ማለት ነው። ያሳዝነኛል። ስኳሽን ያስወደደኝ ያ ወንበር ስለሆነ።

አሁንም ቢሆን ልጄ ስትቀመጥ ማየት ይከብደኛል። ሦስት ዓመት በየማለዳው ያደረስኋት ራኬት እንድትይዝ ነው። እሷም መቀመጥ ትወዳለች ብዬ ራሴን አላታልልም፤ በመጪው ሳምንት ጓደኛዋን ልትገጥም ቀን ይዛለች፤ ቦታዋን ማስመለስ ትፈልጋለች። ጓደኛዋም አሳልፋ ልትሰጣት አታስብም። ትናንት ማታ ሁለቱ ሳሎን ውስጥ ወለል ላይ ተቀምጠው፣ አንዷ የሌላዋን ራኬት እጀታ በአዲስ መጠቅለያ ስትጠቀልል ነበር።

እኔ ጓዳ ሆኜ ዱቄት እያቦካሁ ነው። ቅዳሜ ሌላ ግጥሚያ አለ፣ እንደገና መንገድ ነው። ልጄ በሩ ላይ ብቅ አለችና ሊጡን አየች።

«እማዬ፣ ዳቦውን ደግሞ መኪና ውስጥ እንዳትረሺው» አለችኝ። «ባለፈው ርቦን ነበር።»